ከወፎቹ ማዕድ ሥር የተቆፈረው አፈር

ሞጣ ከተማ ውስጥ በፍርድ ቤት መዝገብ ቤት መሥራት ከጀመርኩ ዘጠኝ ዓመት አልፎኛል። ሥራዬ ክስ ተቀብዬ፣ ቁጥር ሰጥቼ መደርደሪያ ላይ ማስቀመጥ ነው። ማንበብ ግዴታዬ አይደለም፤ እኔ ግን አነባለሁ። ወንድም ወንድሙን በድንበር ሲከስ፣ ልጅ የእንጀራ እናቱን በውርስ ሲከስ፣ ሁሉንም ቁጭ ብዬ አነባለሁ። ይህን የምነግራችሁ ያኔ ምን ዓይነት ሰው እንደነበርኩ እንድታውቁ ነው። ሰው ደግ ነገር ሲያደርግ ባየሁ ቁጥር «ምን ፈልጎ ይሆን?» የምል ሰው ነበርኩ።

አባቴ መምህር ይስማው የሚኖሩት ቢቸና ነው። ዕድሜያቸውን ሙሉ አስተምረው ጡረታ ወጥተዋል። እናቴ ካረፈች ከሦስት ዓመት በኋላ እትዬ ዘነቡን አገቡ። እትዬ ዘነቡ የወሎ ሰው ናቸው፤ በወጣትነታቸው በሥራ ተመድበው መጥተው፣ ጤና ጣቢያ ውስጥ ልብስ ሲያጥቡ ኖረው ጡረታ የወጡ፣ ልጅ ያልወለዱ፣ ንግግር የማያበዙ ሴት። ሲጋቡ አልሄድኩም። ከዚያ በኋላም ስሄድ «እርስዎ» ከማለት በቀር በምንም ስም ጠርቻቸው አላውቅም።

ስለ ማዕዱ መናገር አለብኝ። እናቴ እህል ስታበጥር የሚወጣውን ግርድ ለወፎች መበተን ትወድ ነበር። እሷ ካለፈች በኋላ አባዬ ጓሮ ውስጥ አንድ የባሕር ዛፍ ግንድ ተከሉ፤ አናቱ ላይ ጠርዝ ያላት ሰፊ ጣውላ አሳረፉ፤ ከበላይዋ ቁራጭ ቆርቆሮ አለበሷት። ከጎኗ ለውኃ የሚሆን የተቆረጠ ቢጫ ጀሪካን አሰሩ። ጠዋት ጠዋት ማሽላና የስንዴ ስባሪ ይጨምሩባታል። ድንቢጦችና እርግቦች ከየት እንደሚመጡ ሳይታወቅ ግቢውን ይሞሉታል። «የወፎቹ ማዕድ» ይሏታል አባዬ። ጎረቤቱ መጀመሪያ ላይ «መምህር አዲስ ተማሪዎች መዘገቡ» እያለ ይስቅ ነበር፤ በኋላ ለመደ። ጣውላዋ የወፍ ኩስ ሲጋገርባት አባዬ አውርደው በረንዳ ላይ ይቀመጡና በቢላ ይፍቋታል፤ ከዚያ በመጥረጊያ ጠርገው ዱቄቱን እፍ ይሉታል። ብዙ ጊዜ አጠገባቸው ቁጭ ብዬ አይቻቸዋለሁ።

የዛሬ ሁለት ዓመት በግንቦት መጀመሪያ፣ አንድ ሐሙስ ቀን ከሰዓት በኋላ፣ ቢቸና ያለችው የልጅነት ጓደኛዬ ብርቱካን ደወለችልኝ። ቤቷ ከአባቴ ግቢ ጋር አጥር ይጋራል።

«ስመኝ፣ አባትሽ እንደታመሙ ሰምተሻል?»

«አልሰማሁም። መቼ?»

«ከተኙ አምስተኛ ቀናቸው ነው። ሴትዮዋን ‹ለስመኝ ደወሉ ወይ?› ብላት፣ ‹አትንገሪያት› አለችኝ። እኔ ነገርኩሽ እንዳትዪ።»

ሌላም ነገር ጨመረች። በአጥሩ ቀዳዳ ስታይ እትዬ ዘነቡ ማለዳ ማለዳ ጓሮ ውስጥ ሲቆፍሩና የሆነ ነገር ሲቀብሩ ሁለት ጊዜ አይታለች። ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ እጄ ላይ የነበረውን መዝገብ የት እንዳስቀመጥኩት እንኳ አላስታውስም።

ያን ሰሞን በመንገዱ ላይ መኪና አንድ ቀን ይገኛል፣ ሌላ ቀን ይጠፋል። ዓርብ ጠዋት ዕድል ቀንቶኝ ሚኒባስ አገኘሁ፤ ቀትር ላይ ቢቸና ገባሁ። በሩን ሳንኳኳ ቶሎ አልተከፈተም። ከውስጥ የባልዲ ድምፅ ሰማሁ፤ የሚጎተት ነገርም ሰማሁ። እትዬ ዘነቡ በሩን ሲከፍቱ ከኮሮና ጊዜ የተረፈ ማስክ አፍና አፍንጫቸው ላይ አድርገዋል። እጃቸው እስከ ክንዱ እርጥብ ነው። የበረኪና ሽታ ፊቴን መታኝ።

«እንኳን ደህና መጣሽ» አሉኝ። «ማን ነገረሽ?»

ከሰላምታ ቀጥሎ የመጣው ይህ ጥያቄ ጥርጣሬዬን አባሰው። መልስ ሳልሰጥ አልፌያቸው ገባሁ።

አባዬ አልጋቸው ላይ ተንጋለዋል። ካየኋቸው ሁለት ወር ነው፤ ሌላ ሰው ሆነዋል። ግንባራቸው ይፋጃል፤ ደረቅ ሳል ያስላቸዋል፤ አንድ ዓረፍተ ነገር ሳይጨርሱ ትንፋሽ ያጥራቸዋል።

«ራሴን ነው፣ ልጄ» አሉኝ። «ራሴን ሊከፍለኝ ነው። አትደናገጪ፣ ጉንፋን ነው።»

«ለምን አልደወሉልኝም?»

«እኔ ነኝ አትደውሉ ያልኩት። ሥራ ላይ ነሽ።»

አላመንኳቸውም። እሷ ያስጠናቻቸው መልስ ነው አልኩ በልቤ። እትዬ ዘነቡ በኩባያ አጥሚት ይዘው ገቡ። ማስኩ አሁንም ፊታቸው ላይ ነው። የገዛ ባሏ አልጋ አጠገብ ፊቷን የምትሸፍን ሚስት ምን ብታውቅ ነው? ኩባያውን ከእጃቸው ተቀብዬ «እኔ አጠጣቸዋለሁ» አልኩ። ሲወጡ ጠብቄ አሸተትኩት። የአጃ ሽታ ብቻ ነው፤ ለእኔ ግን በረኪና በረኪና አለኝ። ተነሥቼ በጓሮው በር ወጥቼ ደፋሁት።

የደፋሁበት ቦታ ቆሜ ቀና ስል ግንዱን አየሁት። ባዶ ነው። ጣውላዋም፣ ቆርቆሮዋም፣ ጀሪካኑም የሉም። አንዲት ወፍ የለችም። ከግንዱ ሥር፣ ከአጥሩ አጠገብ፣ አራት ቦታ ላይ አዲስ አፈር ተቆልሏል። እያንዳንዱ ላይ ድንጋይ ተጭኖበታል። አንደኛው ክምር ገና እርጥብ ነው፤ አጠገቡ አፏ የታሰረ ጥቁር ፌስታል ተቀምጣለች። ፈታኋት። ውስጧ ላባዋ የተንጨባረረ የሞተች እርግብ አለች።

«እሱን በእጅሽ አትንኪው» አለ ከኋላዬ ድምፅ። እትዬ ዘነቡ ናቸው።

«ምን ሆና ነው የሞተችው?»

«ድምፅሽን ቀንሺ። መምህር እንዳይሰሙ።»

«ለምንድን ነው የማይሰሙት?»

«አያውቁም። ካወቁ…» ብለው አቆሙ። ወደ መስኮቱ አዩ። «ኋላ እነግርሻለሁ። እጅሽን ታጠቢ፣ ውኃው እዚያ ነው።»

የጠቆሙኝን ባልዲ አየሁት። ጣውላዋ እሱ ውስጥ ተነክራለች፤ ውኃው የበረኪና ነው። የማነባቸው መዝገቦች ሁሉ አንድ ላይ ጭንቅላቴ ውስጥ ተገለጡ። በእህሉ ላይ የሆነ ነገር ጨምራ በወፎቹ ሞከረችው፤ ሲሠራላት ወደ ሰው አዞረችው፤ አሁን ዕቃውን በበረኪና እያጠበች ምልክቱን እያጠፋች ነው። ታሪኩ አንድም ቦታ አልጎደለበትም። ያን ቀን ከሰዓት በኋላ ሙሉ ከአባቴ አልጋ አልተነሣሁም። ራሴ ከሱቅ የገዛሁትን የታሸገ ውኃ ብቻ አጠጣኋቸው።

ቅዳሜ ማለዳ አንድ መኪና በኮንትራት አገኘሁ። እዚያው ቢቸና ማሳከም እችል ነበር። ግን ከእትዬ ዘነቡ እጅ ማውጣት ነበር የፈለግኩት፤ «ሞጣ ይታከሙ፣ ቤቴ እዚያ ነው» አልኩ። አባዬን ደግፈን ስናስገባቸው እትዬ ዘነቡ ነጠላቸውን ለብሰው ትንሽ ዘንቢል ይዘው መጡ።

«ቦታ የለም» አልኳቸው።

ከኋላ ወንበር ላይ ለሁለት ሰው የሚበቃ ቦታ ነበር። ሁለታችንም አየነው።

«እሺ» አሉ። «እኔ በሌላ መኪና እመጣለሁ። ብቻ ለሐኪሙ የምትነግሪው ነገር አለ። ስለ ወፎቹ…»

በሩን ዘጋሁት። ሹፌሩን «ሂድ» አልኩት። ደብረ ወርቅን እስክናልፍ ድረስ ወደ ኋላ እያየሁ ነበር፤ ሰው የሰረቅኩ ያህል።

ሆስፒታል ያየን ሐኪም ከደቡብ አካባቢ ተመድቦ የመጣ፣ ረጋ ያለ ወጣት ነበር። ራጅ አስነሣቸው፤ ሳንባቸው መታመሙን ነገረኝና በመርፌ የሚሰጥ መድኃኒት አስጀመራቸው። ከዚያ ወረቀቱን ይዞ አጠገቤ ተቀመጠ።

«እህቴ፣ ጥቂት ጥያቄዎች አሉኝ። ቤት ውስጥ የሚያስል ሌላ ሰው አለ?»

«የለም።»

«ከብት፣ ዶሮ፣ እርግብ፣ ወፍ ነክ ነገር ያረባሉ?»

አሁን የምነግራችሁን ነገር ለመጻፍ ሁለት ዓመት ፈጅቶብኛል። ጥያቄውን ስሰማ ማዕዷ ትዝ አለችኝ። የሞተችው እርግብም ትዝ አለችኝ። እትዬ ዘነቡ የመኪናው በር ላይ ቆመው «ስለ ወፎቹ» ሲሉም ትዝ አለኝ። ግን ወፎቹን ካነሣሁ ነገሩ ሌላ መልክ ይይዛል፤ ከሴትዮዋ ላይ ይወርዳል። አባዬ ወፍ አያረቡም፣ ወፎቹ ራሳቸው ናቸው የሚመጡት ብዬ ለራሴ ሰበብ ሰጠሁና፣

«የለም» አልኩት።

ጻፈው። ከዚያ ወደ ጆሮው ጠጋ ብዬ «መርዝ ሊሆን አይችልም?» አልኩት።

ብዕሩን አስቀመጠ። «ምን ዓይነት መርዝ?»

«አላውቅም። ሚስታቸውን አላምናትም።»

«እንዲህ ያለ ትኩሳት የመርዝ አይመስለኝም። ግን ከጠረጠርሽ ምርመራውን እናያለን» አለኝ። ደም ተወሰደ፤ ሽንት ተወሰደ። አባዬ ግን መርፌው ምንም አላመጣላቸውም። እሁድ ጠዋት የሚያውቁኝ አልመሰለኝም። ኦክስጅን ተደረገላቸው።

እሁድ ቀትር ላይ የበር ጥበቃው መጥቶ ጠራኝ። «ከቢቸና የመጡ እናት አሉ። የመምህሩ ባለቤት ነኝ ይላሉ። እስከ ደብረ ወርቅ በእህል መኪና፣ ከዚያ ወዲህ በሌላ መጥተው ነው። ላስገባቸው?»

«አይግቡ» አልኩት። «በሽታውን ያመጣችው እሷ ናት። ገብታ አንድ ነገር ብትሰጣቸው ተጠያቂው አንተ ነህ።»

ጥበቃው ደነገጠ። በመስኮት አየሁ። እትዬ ዘነቡ ከበሩ ማዶ ካለችው ሻይ ቤት ደጃፍ በርጩማ ላይ ተቀምጠዋል፤ ዘንቢላቸው እግራቸው ሥር ነው። እስኪመሽ እዚያው ነበሩ። ዓይናቸውን ከበሩ ላይ አላነሡም። ያ አስተያየታቸው እንኳ ጥርጣሬዬን ጨመረው፤ ሥራዋ መጠናቀቁን እየጠበቀች ነው አልኩ።

ሰኞ ጠዋት ለአባዬ ቅያሪ ልብስ ላመጣ ቤቴ ደርሼ ተመለስኩ። በርጩማው ባዶ ነበር። ቀለል አለኝ። ወደ ክፍሉ ስገባ ግን ሐኪሙ አልጋው አጠገብ ቆሞ ከደብተር የተቀደደ ወረቀት ይዞ እያነበበ አገኘሁት። አጠገቡ አንዲት የጽዳት ሠራተኛ መወልወያዋን ተደግፋ ቆማለች።

«ይሄን ያመጣችው እሷ ናት» አለኝ ሐኪሙ። «በር ላይ ያሉ ሴት ሰጧት። ከዚህ በፊት በጤና ጣቢያ የሠሩ ናቸው አሉ። አንብቢው።»

ጽሑፉ ትልልቅና የተንጋደደ ነበር። እስከ ዛሬ አለኝ፤ እንዳለ እጽፍላችኋለሁ።

«ለሐኪሙ። መምህር ይስማው ለወፎች እህል ያበላሉ። ከፋሲካ ወዲህ ሰባት ወፎች ከማዕዱ ሥር ሞተው አግኝቼ ቀብሬያለሁ። መምህር የደረቀውን የወፍ ኩስ በቢላ እየፋቁ ዱቄቱን እፍ ይሉታል። የታመሙት ከዚያ በኋላ ነው። የከብት ሐኪም ጠይቄ በሽታው ከወፍ ወደ ሰው በትንፋሽ ሊገባ ይችላል ብሎኛል። ለሰው ሐኪም ተናገሪ ብሎኛል። ልጃቸው ተቀይማኛለች፣ ግቢ አትበሉኝ፣ ይህን ብቻ እወቁልኝ። ዘነቡ።»

ሐኪሙ ድምፁን ከፍ አላደረገም። «ወፍ የለም ብለሽኝ ነበር» አለኝ።

ሌላ ጥያቄ አልጠየቀኝም፤ ቢጠይቀኝ ይሻለኝ ነበር። ዞር ብሎ ነርሷን ጠራና የመድኃኒቱን ትእዛዝ ቀየረ። በየመድኃኒት ቤቱ የሚገኝ ተራ ክኒን ነበር። «መጀመሪያ አውቄ ቢሆን ቅዳሜውኑ እጀምረው ነበር» አለና ወጣ። የጽዳት ሠራተኛዋም መወልወያዋን ይዛ ሳታየኝ ወጣች።

ያን ቀን ወደ በሩ ወጥቼ እትዬ ዘነቡን ለማየት አልደፈርኩም። ማክሰኞ ጠዋት የአባዬ ትኩሳት ወረደ። ከሰዓት በኋላ ዓይናቸውን ገልጠው ክፍሉን ዞር ዞር ብለው አዩ።

«ዘነቡስ?» አሉ።

«ውጭ ናቸው» አልኩ።

«አስገቢያት እንጂ።»

ሮጥኩ ማለት ይቻላል። የሻይ ቤቷ ባለቤት ሁለቱን ቀን ቤቷ አሳድራቸዋለች። «አሁን ወደ መነኻሪያ ሄዱ» አለችኝ፤ ፊቷ አልተፈታልኝም። መነኻሪያ ስደርስ የቢቸና መኪና አልሞላም ነበር። እትዬ ዘነቡ መስኮት አጠገብ ተቀምጠው ዘንቢላቸውን አቅፈዋል።

«እትዬ ዘነቡ፣ ይውረዱ። አባዬ ጠርተውዎታል።»

«ትኩሳታቸው መውረዱን ሰምቻለሁ» አሉ ሳያዩኝ። «የጽዳቷ ልጅ ነግራኛለች። ከዚህ በላይ ምን እጠብቃለሁ?»

«ይቅርታ ያድርጉልኝ።»

ከመኪናው ወረዱ። ግን ወደ ሆስፒታሉ አልተራመዱም፤ ከግንቡ ጥላ ሥር ቆሙ።

«አጥሚቱን ስትደፊው በመስኮት አይቼሻለሁ» አሉኝ። «ያኔ ነው የገባኝ። ከዚያው ድስት ለራሴ ቀዳሁና ጓሮ በር ላይ ወጥቼ ቆሜ ጠጣሁ። እንድታዪኝ ብዬ። ዞር አላልሽም።»

ዘንቢላቸውን ልቀበል እጄን ዘረጋሁ፤ አልሰጡኝም።

«ወፎቹን ለምን ደበቋቸው ታዲያ?» አልኩ፤ ያ አፌ አሁንም መጠየቁን አልተወም ነበር።

«እናትሽን እያሰቡ ነው የሚያበሏቸው። አንድ በአንድ ያውቋቸዋል። ያቺ አንገቷ ጥቁር፣ ያቺ እግሯ ሽባ ይሉኛል። በተኙበት ‹እየሞቱ ነው› ልበላቸው? ሲድኑ እነግራቸዋለሁ ብዬ ነው። አውርጄ ያጠብኩትም ወፎቹ እንዲበተኑና ማዕዱ እንዲጸዳ ነው። ማስኩንም ያደረግኩት የከብት ሐኪሙ ስላዘዘኝ ነው። አንቺን ግን ዓርብ ዕለት ጠርቼ በግድ መናገር ነበረብኝ። ዓይንሽን ሳይ ፈራሁሽ።»

አንዲት ሴት «ፈራሁሽ» ያለችኝ ያን ቀን ብቻ ነው። ዕድሜዋ የእናቴ የሆነች ሴት።

ወደ ሆስፒታሉ አብረን ሄድን። ጥበቃው እኔን አየና እሳቸውን አየ፤ ምንም ሳይል ከፈተ። አባዬ ሲያዩአቸው «የት ጠፋሽ?» አሉ። እትዬ ዘነቡ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጠው «መኪና ጠፍቶ ነው፣ መምህር» አሉ። እኔን አላዩኝም። ዘንቢሉን ከፍተው የአባዬን መነጽር አወጡ፤ እኔ በጥድፊያዬ ትቼው የመጣሁትን።

አባዬ ዳኑ። ዳገት ሲወጡ ግን አሁንም ቆም ብለው ይተነፍሳሉ፤ እውነቱን ደብቄ መድኃኒቱ የዘገየባቸው የሁለት ቀናት ድርሻ ምን ያህል እንደሆነ ሐኪሙን ለመጠየቅ አልደፈርኩም። ማዕዷ ለብዙ ሳምንት ባዶ ሆና ቆየች። ክረምቱ ሲያልፍ አባዬ «ልጆቼ ተበተኑ» እያሉ ስላዘኑ እትዬ ዘነቡ መለሷት፤ የማጽዳቱን ሥራ ግን ከአባዬ እጅ ወሰዱ። እኔም በወር አንድ ቅዳሜ እሄዳለሁ፤ የዚያን ዕለት ተራው የእኔ ነው። ያስተማሩኝ እትዬ ዘነቡ ናቸው። ደረቁ አይፋቅም፤ መጀመሪያ ውኃ አፍስሰሽ ታረጥቢዋለሽ። አፍንጫሽን ትሸፍኛለሽ። ከለሰለሰ በኋላ ፈቅፍቀሽ በሳሙና ታጥቢዋለሽ፤ አንድ እጅ በረኪና በዘጠኝ እጅ ውኃ በጥብጠሽ ትነክሪዋለሽ፤ ሽታው እስኪለቅ ታለቀልቂዋለሽ። ፀሐይ ላይ ደርቆ ሳያልቅ እህል አይጨመርበትም። የሻገተ ካለ ይጣላል፤ የሚጨመረውም በቀን የሚበሉት ያህል ብቻ ነው። መጀመሪያ ሰሞን አጠገቤ ቆመው እያንዳንዱን ነገር ያዩ ነበር። እጄን ነበር የሚያዩት፣ ፊቴን አልነበረም። አሁን አሁን ግን ጀምሬ ሳለሁ ትተውኝ ወደ ውስጥ ይገባሉ።

እናንተ አንባቢዎች ምናልባት «ከልብ ታረቃችሁ ወይ?» ትሉኝ ይሆናል። አንድ ቅዳሜ እኔም ጠይቄያቸዋለሁ። «ይቅር ብዬሻለሁ፣ ያ ያኔ መነኻሪያው ላይ አልቋል» አሉኝ። «መርሳቱን ግን አትጠይቂኝ። እሱ በእኔ እጅ አይደለም።» ይህን በመስማቴ አልከፋኝም። የሚገባኝ ያ ነው።

ሥራዬ ላይም የተለወጠ ነገር አለ። መዝገቦቹን ዛሬም አነባለሁ፤ ነገር ግን ከሳሽ የጻፈውን ካነበብኩ በኋላ የተከሳሹ መልስ እስኪመጣ ፍርድ መስጠቴን ትቻለሁ። እናንተ ግን መዝገብ ቤት አትሠሩ ይሆናል። በሽተኛ ይዛችሁ ሐኪም ፊት የምትቀመጡበት ቀን ግን ይመጣል። ያን ቀን የምትጠሉት ሰው የነገራችሁን ነገር አትዝለሉት፤ ለሐኪሙ ንገሩት፣ እሱ ይመዝነው። እኔ አባቴን ሊገድል ነው ብዬ የጠረጠርኩት ሰው ሕይወታቸውን ይዞ በር ላይ ተቀምጦ ነበር፤ በሩን የዘጋሁት እኔ ነኝ።

አባዬ ይህን ታሪክ አያውቁም። እትዬ ዘነቡ ዛሬም ድረስ «መኪና ጠፍቶ ነው» እንዳሉ ናቸው፤ ሐኪሙም አልተናገረም። ይህን ጽሑፍ ለማሳተም ሳስብ አስቀድሜ የጠየቅኩት እትዬ ዘነቡን ነው።

«ጻፊው» አሉኝ። «የእኔን ክፍል ግን አታሳምሪው። ያን እሁድ እዚያ በርጩማ ላይ ተቀምጬ ረግሜሻለሁ።»

በመጪው ቅዳሜ ቢቸና እሄዳለሁ። የአባዬ ዓይን ስለደከመ ከጋዜጣም ከመጽሐፍም የማነብላቸው እኔ ነኝ። ይህንንም እኔው አነብላቸዋለሁ፤ እርግማኑንም ጨምሬ፣ እትዬ ዘነቡ አጠገባቸው ተቀምጠው እየሰሙ።